ማግኔት የማይስበው ብናኝ

ጋሽ በርሜል ያን ቀን ጠዋት ዳገቱ ወገብ ላይ ባይቆሙ፣ ከሙያ ትምህርት ቤቱ በር ብቅ ካለችው የእህታቸው ልጅ ጋር ባልተገናኙ፣ ይህም ሁሉ ባልተወራ ነበር። ግን ቆሙ። ያቆመቻቸውም የገዛ መኪናቸው ናት። ሁለተኛ ማርሽ አልገባ ብሎ ካምቢዮው "ግርርር" አለ፤ ወደ አንደኛ ሊመልሱ ሲታገሉ ሞተሩ ጠፋ። ከኋላ የተሰለፈው መኪና ሁሉ ጥሩምባውን ለቀቀባቸው።

"በሽተኛ ነው የያዝኩት! ምን ያስጮሃችኋል?" ብለው ጋሽ በርሜል አንገታቸውን በመስኮት አውጥተው ደነፉ።

በሽተኛዋ ባለቤታቸው ናቸው። ኩላሊታቸው ደክሞ፣ በሳምንት ሦስት ቀን ደማቸው በመሣሪያ ይታጠባል፤ ሆስፒታሉ ደግሞ ያለው ከዚያ መከረኛ ዳገት አናት ላይ ነው። በቀደም በዚሁ ካምቢዮ ምክንያት አርፍደው ቢደርሱ ተራቸው ለሌላ ሰው ተሰጥቶ ጠበቃቸው። በማግሥቱ ቦታ እስኪገኝ ድረስ ሴትዮዋ እግራቸው አብጦ፣ ትንፋሽ አጥሯቸው ቁጭ ብለው አደሩ። ጋሽ በርሜል ያንን ጭንቀት ለጠላታቸውም አይመኙም።

የሰፈሩ ሰው "በርሜል" ያላቸው ወፍረው አይደለም፤ እንዲያውም ቀጭን ናቸው። በጋራዣቸው ጥግ የቆመ አንድ ጥቁር በርሜል አለ፤ በውስጡ እንደ ማር የሚዝለገለግ፣ አፍንጫ የሚሰነፍጥ ወፍራም ዘይት። ጎማ ለሚያዞረው ዲፍረንሻል ከዚያ፣ ማርሽ ለሚቀያይረው ካምቢዮም ከዚያ። ለጭነት መኪና ከዚያ፣ ለትንሿም ከዚያ። ሥራ ያስተማሯቸው ሰው እንዲያ ያደርጉ ነበር፤ እሳቸውም ቀጠሉ። ደንበኛ ሲመጣ ዘይቱን በሁለት ጣታቸው አሽተው፣ አሽትተው፣ "ይኼ ነው ዘይት!" ይላሉ፤ ደንበኛውም አመስግኖ ይሄዳል።

የእህታቸው ልጅ በሙያ ትምህርት ቤቱ የመኪና ጥገና መምህርት ናት። ቦርሳዋን አስቀምጣ ከመንገዱ ዳር ድንጋይ አነሳችና ከኋላ ጎማው ሥር ወሸቀች፤ ከዚያ ወደ መስኮቱ ጠጋ አለች።

"ጋሼ፣ እንደምን አደሩ? እትዬ፣ ደህና ነዎት?"

"እኔስ ደህና ነኝ፤ የታመመው ካምቢዮው ነው" አሉ ባለቤታቸው። በሁለት እጃቸው የበሩን መያዣ ጨብጠዋል፤ ፊታቸው ግን ይስቃል። "እኔን በሳምንት ሦስቴ ያጥቡኛል፣ እሱን የሚያጥበው ጠፋ እንጂ።"

"አንቺ ደግሞ!" አሉ ጋሽ በርሜል። "ምንም አልሆነም። ጠዋት ጠዋት ትንሽ ያኮርፋል፣ በቃ።"

መምህርቷ ከኋላ ወንበር ገባች። መኪናዋ በአንደኛ ማርሽ ብቻ እያጓራች፣ እየተንፏቀቀች ዳገቱን ጨረሰች። ነርሷ በር ላይ ቆማ ሰዓቷን እያየች ነበር የተቀበለቻቸው። ለጥቂት ተረፉ።

ባለቤታቸው ከመሣሪያው ጋር ሲገናኙ ሁለቱ ግቢው ውስጥ ካለ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጡ። ልጅቱ ወደ እሳቸው ዞር ብላ፦

"ጋሼ፣ አንድ ነገር ብጠይቅዎ አይቆጡም?" አለች።

"እንደ ነገሩ ነው።"

"ካምቢዮው ውስጥ ያለው ዘይት ምን ዓይነት ነው?"

"ዘይት ነዋ! ከበርሜሉ።"

"ለዲፍረንሻል ከሚጨምሩት?"

"ስንት ዓይነት አለ ብለሽ ነው? ጥርስና ጥርስ የሚፋጭበት ቦታ ሁሉ ወፍራም ዘይት ይፈልጋል። ወፍራም ዘይት ጥርስ ይሸፍናል፣ ድምፅ ያፍናል። እንዲያውም ነገ ትንሽ ግራሶ ቀላቅዬ አወፍረዋለሁ፤ ያኔ ጸጥ ይላል።"

መምህርቷ ደነገጠች። "እባክዎ ጋሼ፣ ግራሶውንስ እንዳያደርጉት! ማርሹ ጭራሽ እምቢ ብሎ እትዬን ይዘው መንገድ ላይ ይቀራሉ።"

ይህቺ ቃል ሽማግሌውን ወጋቻቸው። ሰው ሲወጋ ደግሞ ወይ ያለቅሳል ወይ ይቆጣል፤ እሳቸው መቆጣቱን መረጡ።

"ስሚ የኔ እናት፣ አንቺ ሳትወለጂ እኔ ካምቢዮ አውርጄ እሰቅል ነበር። ልጅ ያቦካው ለእራት አይበቃም ይባላል፣ ሰምተሻል?"

"ሰምቻለሁ። ቡሎን መፍታት ያስተማሩኝም እርስዎ ነዎት። ያስተማሩኝን ልሽር አልመጣሁም፤ ከዚያ ወዲህ የታወቀውን ልንገርዎ ብዬ ነው። ይፈቅዱልኛል?"

እንዲህ በጨዋ ደንብ ሲጠየቁ እምቢ ማለት ያስቸግራል። ጋሽ በርሜል ኮፍያቸውን አስተካክለው "እስቲ ቀጥዪ" አሉ።

"ዲፍረንሻል ውስጥ ያሉት ጥርሶች በኃይል እየተጫኑ እርስ በርስ ይንሸራተታሉ። ብረት ብረትን እንዳይበላው ዘይቱ ውስጥ ድኝ ያለበት ቅመም በብዛት ይጨመራል። ያ የሚሰነፍጥዎ ነገር እሱ ነው።"

"ይኸውልሽ! ጥሩ ዘይት ሲያሸቱት ይታወቃል አላልኩም?"

"ለዲፍረንሻሉ ጥሩ ነው። የእርስዎ ካምቢዮ ውስጥ ግን ከብረቱ ሌላ፣ ማርሽ ሲቀየር ማርሹን የሚጨብጡ የነሐስ ቀለበቶች አሉ። ያ ቅመም ሲግል ነሐሱን ቀስ እያለ ይበላዋል። ውፍረቱ ደግሞ ሌላ ጣጣ ነው። በብርድ ጊዜ ዘይቱ ከቀለበቱና ከማርሹ መሃል ቶሎ አይወጣም፤ ስለዚህ ቀለበቱ ማርሹን መጨበጥ ያቅተዋል። 'ያኮርፋል' ያሉት ይኼ ነው።"

"ቀለበት መቼም ዕድሜው ሲደርስ ያልቃል፤ ሲያልቅ እንቀይራለን። የኔ ግን ጤነኛ ነው። ማስረጃ አለኝ።"

"ምን ማስረጃ?"

ጋሽ በርሜል ቀና አሉ። ይህ የዕድሜ ልክ ሥራቸው ምስጢር ነው፤ ከጋራዣቸው የወጣ ሁሉ የሚያውቀው። "የዘይት ማፍሰሻው ቡሎን ጫፍ ላይ ማግኔት አለ። ካምቢዮ ከታመመ ማግኔቱ ብናኝ ይይዛል። የኔን ባለፈው ወር ፈትቼ አይቼዋለሁ፤ እንደ መስተዋት ንጹሕ! አንዲት ፍንጣሪ የለበትም።"

"ጋሼ" አለች ልጅቱ፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ "ማግኔት ነሐስ ይስባል?"

ጋሽ በርሜል ኮፍያቸውን ወደ ኋላ ገፉ።

ወይ ጉድ! ማግኔት ነሐስ እንደማይስብ ከልጅነታቸው ጀምሮ ያውቃሉ። የብረትና የነሐስ ቁርጥራጭ ሲቀላቀልባቸው የሚለዩት በማግኔት ነው። ይህ እውቀትና ያ ማስረጃ በአንድ ጭንቅላት ውስጥ ዕድሜያቸውን ሙሉ ጎረቤት ሆነው ሲኖሩ አንድ ቀን እንኳ ሰላም አልተባባሉም። እንዲህ ያለው ነገር በጋሽ በርሜል አልተጀመረም፤ የምናውቀውንና የምናደርገውን አገናኝተን ብንጠይቃቸው ስንቶቻችን እናፍር ነበር! የለመደ ልማድ ያሰርቃል ከማዕድ የተባለው ያለ ነገር አይደለም።

"ካልታዘልኩ አላምንም አለች አሉ ሙሽራ" አሉ በመጨረሻ፣ ድምፃቸው ቀዝቀዝ ብሎ። "አሳዪኝ።"

"እትዬ ከመሣሪያው እስኪነሱ ጊዜ አለን። እንሂዳ!"

የትምህርት ቤቱ ወርክሾፕ ጣሪያው ከፍ ያለ፣ ብርሃን ከላይ የሚወርድበት ሰፊ አዳራሽ ነው። መኪናዋ ለመጠገኛ ከተቆፈረው ጉድጓድ በላይ ቆመች፤ ሁለቱም ከሥር ገቡ። መምህርቷ ቁልፉን ከዘይት መሙያው ቡሎን ላይ አሳረፈች።

"ከላይኛው ለምን ጀመርሽ?" ብለው ጋሽ በርሜል ፈተኗት።

"ዝጎ እምቢ ቢልስ? ዘይቱን አስቀድመን ካፈሰስን ባዶ ካምቢዮ ታቅፈን እንቀራለና።"

"እሰይ! ይኼን እንኳ እኔ ነኝ ያስተማርኩሽ" አሉና ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ አሉ።

የማፍሰሻው ቡሎን ሲፈታ ጋሽ በርሜል ከእጇ ነጥቀው ማግኔቱን ከፍ አድርገው ያዙት። ንጹሕ ነው። "አላልኩሽም?" ሊሉ ነበር። እሷ ግን ከዘይቱ በብርጭቆ ቀድታ ወጥታለች፤ መስኮቱ አጠገብ፣ ፀሐይ በምትገባበት ቦታ ቆማ ጠራቻቸው።

ሽማግሌው መጡ። ብርጭቆውን አዩት። መነጽራቸውን አውጥተው አጠለቁና እንደገና አዩት።

ዘይቱ ውስጥ ወርቅ ይዋኛል። ከወርቅ በቀር ሌላ ስም አይገኝለትም። ለዓይን የሚያስቸግር፣ የደቀቀ፣ የሚያብለጨልጭ ብናኝ ከላይ እስከ ታች ሞልቶ፣ ብርጭቆው በተነቃነቀ ቁጥር እንደ ጭስ ይጠቀለላል፣ ይዘረጋል፣ ፀሐዩን ይዞ ይበራል። በጣም ያምራል። ጋሽ በርሜል ማግኔቱን ብርጭቆው ውስጥ ነከሩት፤ አማሰሉት፤ አወጡት። ምንም አልያዘም። ወርቁ እዚያው መዋኘቱን ቀጠለ።

"ቀለበቶቹ ናቸው?" ሲሉ ጠየቁ በሹክሹክታ።

"ናቸው ጋሼ።"

"እኔ ማግኔቱን እያየሁ፣ ጤነኛ ነው እያልኩ... ይኼ ሁሉ ጊዜ እዚህ ውስጥ..." አልጨረሱትም።

"ይምጡ፣ አንድ ነገር ላሳይዎ" ብላ ክንዳቸውን ይዛ ወደ አዳራሹ መሃል ወሰደቻቸው። እዚያ፣ ከፍ ባለ ጠረጴዛ ላይ፣ ለማስተማሪያ ተብሎ ጎኑ የተቆረጠ ካምቢዮ አለ። ጋሽ በርሜል ቁጥር የሌለው ካምቢዮ ፈትተዋል፤ አካሉን እንደ ገዛ ኪሳቸው ያውቁታል። የፈቱት ሁሉ ግን የቆመ ነበር። የተከፈተው ቆሞ፣ የሚሠራው ደግሞ ተዘግቶ እንጂ፣ ካምቢዮ ውስጡ ተከፍቶ ሲሽከረከር በዘመናቸው አይተው አያውቁም።

ልጅቱ መዘውሩን በአንድ እጇ ቀስ ብላ አዞረች። ማርሾቹ ሁሉ ተንቀሳቀሱ፤ አንዱ ይፈጥናል፣ አንዱ ይዘገያል። "አሁን ሁለተኛ ላስገባ ነው፤ ቀለበቷን ይዩ" አለች።

ቢጫዋ ቀለበት ተገፋች። ወደሚሮጠው ማርሽ ተጠጋች፤ ነካችው። ማርሹ ወዲያው ከእሷ ጋር እኩል መዞር ጀመረ። ፍጥነታቸው አንድ ሲሆን ሌላ ተንሸራታች ብረት በላይዋ አልፎ ጥርሱን ከማርሹ ጥርስ ገጠመ። ቃ አለ፣ በቃ! ግርግር የለ፣ ግፊያ የለ።

"ድገሚው" አሉ።

ደገመችው።

"አሁንም።"

ሽማግሌው ኮፍያቸውን አውልቀው በእጃቸው ያዙት። ልጅቱ በርጩማ ስባ አስቀመጠቻቸው። ዓይናቸው ከዚያች ቀጭን ቀለበት አልተነቀለም። እነዚያን የሚያጓሩ ብረቶች የምታስታርቅ፣ የሚሮጠውን አቀዝቅዛ የሚዘገየውን አፍጥና "ኑ፣ እኩል ሁኑ" የምትል ይህቺ ናት? ስንቷን ያለቀች ቀለበት አውጥተው ጥለዋል፤ ምን ስትሠራ እንደኖረች ግን አልጠየቋትም። ደስ አላቸው፣ አፈሩም።

"የሰው ልጅ!" አሉ። "ይኼን አስቦ የሠራ ሰው እንዴት ያለ አእምሮ ነው የተሰጠው! ዳገቱ ላይ በአንዲት ጠዋት ስንቴ ነው እንዲህ የምታደርገው?"

"ማርሽ በቀየሩ ቁጥር።"

"እኔ ደግሞ በወፍራም ዘይት አፍኜ፣ በድኝ አስበላኋት።"

"ሥራዋን የምትሠራው በመያዝ ነው ጋሼ። የሚያስፈልጋት ማርሹን የሚጠብቅላት፣ እሷን ግን ከመያዝ የማይከለክላት ዘይት ነው። የተበላው ነሐስ አይመለስም፤ ይህን ልደብቅዎ አልፈልግም። ነገር ግን ማርሹ የሚያስቸግርዎ ጠዋት ላይ ብቻ ከሆነ፣ ቀለበቷ ገና ሥጋ አላት ማለት ነው። እናተርፋታለን።"

"የትኛው ዘይት እንደሆነስ ማን ይነግረናል?"

"የመኪናው መጽሐፍ።"

ጋሽ በርሜል ጆሯቸው ቀላ። መጽሐፉ የሾፌሩ ወንበር እንዳይወዛወዝ እግሩ ሥር የተወሸቀ ነው፤ የወሸቁትም እሳቸው ናቸው። ልጅቱ ስቃ አወጣችው፤ አራግፋ ገለጠችና ጣቷን መስመሩ ላይ አሳረፈች፦ ሰባ አምስት ደብልዩ ዘጠና፣ ጂ ኤል አራት።

መለዋወጫ ሱቁ ከትምህርት ቤቱ ማዶ ነው። ባለሱቁ ጨዋታ ወዳድ ሰው ነበርና ሌላ ጣሳ አንስቶ፣ "እሱን ተይው እህቴ፣ ይኼን ውሰጂ። ያንቺ አራት ነው የሚለው፤ ይኼ አምስት ነው!" አላት።

"እውነቱን ነው" አሉ ጋሽ በርሜል፣ ልማድ ቶሎ አይለቅም መቼም። "አምስት ከአራት ይበልጣል። ከተገዛ አይቀር ትልቁ ይገዛ።"

"ጋሼ፣ የጫማዎ ቁጥር ስንት ነው?"

"አርባ አንድ።"

"አርባ አምስት ቢገዙ ይሻልዎታል?"

ባለሱቁ ሳቀ። ጋሽ በርሜልም እግራቸውን አይተው ሳቁ።

"ቁጥሩ ማዕረግ አይደለም" አለች መምህርቷ። "አምስት የሚለው እንደ ዲፍረንሻል ላለ ከባድ ጫና የተሠራ ነው፤ ድኙም ይበዛል። ደግሞ ሁሉም ካምቢዮ አራት ይላል ብለው እንዳይደመድሙ። አምስት የሚፈልግ አለ፤ የሞተር ዘይት የሚፈልግም አለ። ሠሪው ያለውን መጠየቅ ነው። ሰባ አምስት ደብልዩ ማለት በብርድ እንዴት እንደሚፈስ ነው፤ ዘጠናው ሲግል ምን ያህል ውፍረት እንደሚይዝ።"

"መጠየቅ ያደርጋል ሊቅ አሉ" ብለው ሽማግሌው ጣሳውን ራሳቸው ተሸከሙት።

የማፍሰሻውን ቡሎን መልሰው ገጠሙና፣ መኪናዋ ከጉድጓዱ በላይ ሳታዘነብል እንደቆመች አዲሱን ዘይት በቱቦ ሞሉት፤ ከመሙያው አፍ ተርፎ መንጠባጠብ ሲጀምር ገጠሙት። ጋሽ በርሜል ጠብታዋን በጣታቸው ተቀብለው አሹ፤ ቀጭን ናት። አሸተቱ፤ እንደ በርሜሉ አትሰነፍጥም። ልባቸው ትንሽ ፈራ። እስከ ዛሬ ያመኑት ሁሉ "ይህ ዘይት ደካማ ነው" ይላቸዋል። ብርጭቆው ግን መስኮቱ ላይ ነበርና ዞረው አዩት።

የሚቀጥለው የእጥበት ቀን ጠዋት ብርዱ ጥርስ ያንቀጠቅጥ ነበር። ባለቤታቸው እንደ ወትሮው የበሩን መያዣ በሁለት እጃቸው ጨብጠው ተቀመጡ። ጋሽ በርሜልም ፈርተዋል። ዳገቱ ሥር ሲደርሱ ፍሪሲዮኑን ረገጡ፣ እጀታውን ሳቡ።

ገባ።

ሳይገፉት ገባ። ሦስተኛም ገባ፤ ሲከብድ ወደ ሁለተኛ ተመለሰ፣ ያም ገባ። ጋሽ በርሜል ዓይናቸው መንገዱ ላይ ሆኖ የሚያዩት ግን ያቺን ቢጫ ቀለበት ነበር፤ በጨለማው ውስጥ፣ ማንም ሳያያት፣ ሄዳ ትነካለች፣ ታስታርቃለች፣ ትመለሳለች። አንዲት ዘለላ እንባ ወረደቻቸው፤ ለመጥረግ እጃቸውን ከእጀታው ማንሳት አልፈለጉም። የትምህርት ቤቱን በር አለፉ። በሆስፒታሉ ግቢ ገብተው መኪናዋን ሲያቆሙ ገና ማንም አልተጠራም። ወደ ጎን ዞር ሲሉ ባለቤታቸው እንቅልፍ ወስዷቸዋል።

ወርደው በባለቤታቸው ጎን ያለውን በር ቀስ ብለው ከፈቱ፤ ሊቀሰቅሷቸው ግን አልደፈሩም። የአምቡላንሱ ሾፌር፣ የድሮ ደንበኛቸው፣ አይቷቸው መጣ።

"ጋሼ፣ እንኳን አገኘሁዎት! ይኼ ካምቢዮ ጠዋት ጠዋት እያስቸገረኝ ነው። ከበርሜሉ ትንሽ ይጨምሩልኝ እንዴ?"

"ቀስ በል፣ ተኝታለች!" አሉ ጋሽ በርሜል፣ ከተከፈተው በር ፈቀቅ ብለው። ከዚያ ልክ ምስጢር እንደሚያወጣ ሰው በሹክሹክታ ጀመሩ። "በርሜሉ ከዛሬ ጀምሮ የዲፍረንሻል ነው፣ ያውም መጽሐፉ ለፈቀደለት። የመኪናህን መጽሐፍ ይዘህ ና፤ የሚለውን ዘይት እንጨምራለን፣ ወፍራም ይሁን ቀጭን፣ አራት ይሁን አምስት። አሮጌውን ስናፈስ በብርጭቆ ቀድተን ፀሐይ ላይ እናየዋለን፤ ማግኔት ብቻ አይቼ ደህና ነው አልልህም። ልኩን ዘይት ያገኘ ካምቢዮ ማርሽ አይከለክልህም፣ ቀለበት ቶሎ አይበላም፣ ክንድህ አይዝልም፣ በየጊዜው ካምቢዮ ማውረድ ይቀርልሃል። ከሁሉ በላይ ግን..." ወደ መኪናው ዞር ብለው አዩ፤ "የጫንከው ሰው በሰዓቱ ይደርሳል።"

ሾፌሩ እንዲህ ያለ ንግግር ከጋሽ በርሜል ሰምቶ ባያውቅም መጽሐፉን ሊፈልግ ወደ አምቡላንሱ ሄደ።

በዚህ መሃል ባለቤታቸው ነቁ። በድንጋጤ እጃቸው የበሩን መያዣ ፈለገ፤ በሩ ክፍት ነበርና አላገኘውም።

"ለምን ቆምክ? እምቢ አለ እንዴ?" አሉ። "ዳገቱ ገና ነው?"

"አልፈነዋል።"

"መቼ?"

"ተኝተሽ።"

ሴትዮዋ ወደ ኋላ ዞረው ረጅሙን መንገድ ቁልቁል አዩት፤ ባላቸውንም አዩ። ባዶ ቀርተው የነበሩ እጆቻቸውን ጭናቸው ላይ አስቀመጡ።

"እንግዲያው ዛሬ ሳልፈራ መጣሁ" አሉ።